የዘፋኙ ቁስልና የአድማጩ ዕዳ

አትላንታ ውስጥ ሚድታውን በሚባለው ሰፈር ከኖርኩ ብዙ ዘመን ሆኖኛል። ማታ ከሥራ ስመለስ ፒችትሪ የተባለውን ዋና ጎዳና ይዤ ወደ ሰሜን በእግሬ አዘግማለሁ። በመንገዴ ላይ ሁለት ሕንጻዎች አሉ። አንደኛው እስከ 2009 እ.ኤ.አ. ድረስ በክራውፎርድ ሎንግ ስም ይጠራ የነበረው፣ ዛሬ የኤሞሪ ዩኒቨርሲቲ ሚድታውን ሆስፒታል የሚባለው ነው። ሁለተኛው ከእርሱ ጥቂት አለፍ ብሎ የቆመው ፎክስ ቴያትር ነው፤ በ1929 እ.ኤ.አ. በፈረንጆች ገና ዕለት የተከፈተ፣ በ1970ዎቹም ሊፈርስ ተቃርቦ የከተማው ሕዝብ ተረባርቦ ያዳነው ውብ አዳራሽ ነው።

ክራውፎርድ ሎንግ የጆርጂያ ገጠር ሐኪም ነበር። በማርች 1842 እ.ኤ.አ. ጄፈርሰን በምትባል ትንሽ ከተማ ለአንድ ወጣት ኤተር አሽትቶ ከአንገቱ ላይ እጢ ቆርጦ አወጣለት፤ ወጣቱም ሕመም አልተሰማኝም አለ። ሎንግ ሥራውን በጽሑፍ ሳያወጣ ሰባት ዓመት በመዘግየቱ ዝናው ለሌሎች ተረፈ እንጂ፣ በቀዶ ሕክምና ጊዜ ሕመምን በኤተር ዝም በማሰኘት ቀዳሚው እርሱ ነበር።

እንግዲህ በአንድ ጎዳና ላይ፣ በጥቂት ደቂቃ የእግር መንገድ ውስጥ፣ አንደኛው ቤት ሕመም ዝም የሚሰኝበት ሲሆን፣ ሁለተኛው ሕመም በዜማ የሚነገርበት ነው። ሙያዬ የመጀመሪያው ነው፤ ፍቅሬ ግን ከሁለተኛው ጋር ነው። በሁለቱ መካከል ስመላለስ ለዓመታት አብሮኝ የተጓዘ አንድ ጥያቄ አለ። ለዘፈኑ ሲባል ዘፋኙ ሊታመም ይገባዋልን? ዘፋኙ ቢድን ዘፈኑ የሚሞት ቢሆንስ፣ እኛ አድማጮች የማንን ሕይወት እንመርጣለን?

ጥያቄው የመጣብኝ ከመጽሐፍ አይደለም፤ በአንድ በሽተኛዬ ምክንያት ነው። የእርሳቸውን ነገር ወደ ኋላ አመጣዋለሁ። አስቀድሜ ግን ዓለም ስለሚያውቃቸው ሁለት ዘፋኞች ልናገር፤ የራስን ጥፋት ከመናዘዝ በፊት የሌላውን መመርመር የሰው ልማድ ነውና።

* * *

የእኔ ትውልድ የአዲስ አበባ ልጅ ካንትሪ የተባለውን የአሜሪካኖች ሙዚቃ እንደ ባዕድ አያየውም። በደርግ ዘመን ሳይቀር በየቤታችን የዶን ዊልያምስና የኬኒ ሮጀርስ ካሴት አይጠፋም ነበር። ቃሉ ባይገባን ዜማው ይገባን ነበር። ምክንያቱን የተረዳሁት እዚህ ከመጣሁ በኋላ ነው። ካንትሪ የገጠሬ ዘፈን ነው፤ ከቀዬው ወጥቶ ከተማ የገባ ሰው፣ የተከዳ ባል፣ የሰከረ አባት፣ የእናት መቃብር የሚዘፈንበት። እኛ ትዝታ የምንለው ስሜት በእነርሱ ቋንቋ ጊታርና ቫዮሊን ይዞ ሲቀርብ ካንትሪ ይባላል ብል ብዙ የተሳሳትኩ አይመስለኝም።

ለዚህ ሙዚቃ አትላንታ የራሷ ድርሻ አላት። በጁን 1923 እ.ኤ.አ. ኦኬ የተባለ የሸክላ ኩባንያ ፊድሊን ጆን ካርሰን የሚባለውን ቫዮሊን ተጫዋች በመሀል ከተማ፣ ናሶ ጎዳና ላይ በሚገኝ ሕንጻ ውስጥ ቀዳው። ሸክላው ተቸበቸበ፤ ነጋዴዎችም የባላገር ድምፅ ገንዘብ እንደሚያወጣ ተረዱ። ሕንጻው ራሱ በ2019 እ.ኤ.አ. ፈረሰ። ካርሰን በተቀዳበት በዚያው ዓመት፣ በሴፕቴምበር ወር፣ በጎረቤት አላባማ ገጠር አንድ ሕፃን ተወለደ፤ በኋላ ሃንክ ዊልያምስ የተባለው።

ሃንክ ሲወለድ የአከርካሪ አጥንቱ በሚገባ አልገጠመም ነበር፤ እኛ ሐኪሞች ስፓይና ቢፊዳ ኦኩልታ የምንለው ነው። አባቱ ገና በልጅነቱ ለረጅም ዓመታት የጦር ጉዳተኞች ሆስፒታል ገብቶ ቀረ፤ እናቱ አልጋ እያከራየች አሳደገችው። ጊታርና ዜማ ያስተማረው ሩፈስ ፔይን የተባለ ጥቁር የጎዳና ዘፋኝ ነበር። ነጭና ጥቁር በአንድ ገበታ በማይቀርብበት በዚያ ዘመን አላባማ፣ ጥቁሩ መምህር የነጩን ልጅ ያስተማረው ለጥቂት ሳንቲም ወይም ከእናቱ ማእድ ለሚደርሰው ምግብ ነበር። አዝማሪን የሚያውቅ ኢትዮጵያዊ ይህን ሥርዓት ለመረዳት አስተርጓሚ አያስፈልገውም።

ሃንክ የመጀመሪያ ሸክላውን በዲሴምበር 1946 አስቀዳ። በጁን 1949 በናሽቪል ግራንድ ኦል ኦፕሪ በተባለው ታላቅ መድረክ ቀርቦ ሲዘፍን ሕዝቡ አልለቀውም ብሎ ስድስት ጊዜ አስደገመው፤ ዕድሜው ገና 25 ነበር። ከዚያ በኋላ መውጣቱና መውደቁ ተያይዘው ሄዱ። ጀርባው ያመዋል፤ ለሕመሙ ይጠጣል፤ ሲጠጣ ከመድረክ ይቀራል፤ ሲቀር ትዳሩም ሥራውም ይናጋል። በዲሴምበር 1951 ጀርባውን በቀዶ ሕክምና ታከመ። በ1952 ከሚስቱ ተፋታ። በዚያው ዓመት በኦገስት ኦፕሪ አሰናበተው። በኦክቶበር ሁለተኛ ሚስት ሲያገባ ሠርጉ በኒው ኦርሊንስ አዳራሽ ውስጥ በአንድ ቀን ሁለት ጊዜ፣ ትኬት ለገዛ ሕዝብ ታየ።

በዚህ ላይ ጥቂት እንቁም። ሠርጉን በትኬት የሚያይ ሕዝብ የፈለገው ምንድን ነው? ዘፈን ብቻ ቢሆን ሸክላ ነበረለት። የፈለገው የሰውየውን ገመና ነው። ሃንክም አዘጋጆቹም ይህን ያውቁ ስለነበር ሸጡለት።

* * *

አሁን ከሐኪም ዓይን ልመልከተው። በመጨረሻ ወራቱ ሃንክን የሚያክመው ሰው ሐኪም አልነበረም። ዲፕሎማውን በገንዘብ የገዛ፣ ቀድሞም በማጭበርበር ታስሮ የተፈታ ሰው ነበር። የመጠጥ ሱስ አድናለሁ እያለ ክሎራል ሃይድሬት ያዝለት ነበር። ይህ መድኃኒት እንቅልፍ ያመጣል፤ ከአልኮልና ከሞርፊን ጋር ሲደመር ግን ትንፋሽን ያዳክማል። ይህን ማንኛውም የሦስተኛ ዓመት የሕክምና ተማሪ ያውቀዋል።

በ1952 እ.ኤ.አ. የመጨረሻ ቀን ሃንክ በኦሃዮ፣ ካንተን ከተማ፣ በማግሥቱ ለሚያሳየው ትርኢት በካዲላክ መኪና ይጓዝ ነበር፤ የሚነዳለትም አንድ ወጣት ተማሪ ነበር። ኖክስቪል ላይ አንድ እውነተኛ ሐኪም ወደ ሆቴሉ ተጠርቶ ሞርፊንና ቫይታሚን ወጋው። ከዚያ በኋላ ሰውየውን ወደ መኪናው ወሰዱት፤ ጉዞው ቀጠለ። በጃንዋሪ 1 ቀን 1953 ዌስት ቨርጂኒያ ውስጥ ኦክ ሂል በተባለች ከተማ ወጣቱ ሾፌር ወደ ኋላ ዞሮ ሲያይ ሃንክ በኋላ ወንበር ላይ ሞቶ ቀዝቅዟል። ዕድሜው 29 ነበር። የሞቱ ምክንያት የልብ ድካም ተብሎ ተመዘገበ። በሞንትጎመሪ ቀብሩ ላይ ከ20,000 የሚበልጥ ሕዝብ ተሰበሰበ። በዚያ ሰሞን ለገበያ የቀረበው ሸክላው፣ ርእሱ ከዚህ ዓለም በሕይወት እንደማይወጣ የሚናገር ነበር፤ ከሞተ በኋላ በሽያጭ አንደኛ ሆነ።

ገዳዩ ማን ነው? ሐሰተኛው ሐኪም ነው ብንል ቀላል ነው። ነገር ግን በዚያች ሌሊት ዙሪያ የቆሙትን ሁሉ አንድ በአንድ ብንጠይቃቸው እያንዳንዱ የሰጠው የተጠየቀውን ብቻ ነው። ሐሰተኛው ሐኪም የሚያስተኛ መድኃኒት ተጠየቀ፣ ሰጠ። እውነተኛው ሐኪም ሕመም የሚያስታግስ መርፌ ተጠየቀ፣ ሰጠ። አዘጋጁ ትርኢት ተጠየቀ፣ ቀጠሮ ያዘ። ሕዝቡ ዋጋ ተጠየቀ፣ ከፈለ። «ይህ ሰው ታሟል፤ ይረፍ» የሚል አንድ ሰው በዚያ ረጅም መንገድ ላይ አልተገኘም። እረፍት ካገኘ ካንተን ላይ የሚዘፍን ሰው አይኖርማ!

* * *

አንባቢዬ፣ «ይህ የእነርሱ ጉድ ነው፤ ለእኛ ምናችን ነው?» ትል ይሆናል። ስለዚህ ወደ ቤታችን ልግባ።

ጥላሁን ገሠሠ በመስከረም 1933 ዓ.ም. አዲስ አበባ ተወልዶ ወሊሶ ያደገ፣ ዘፋኝ ለመሆን ብሎ ከዘመዶቹ ቤት ወደ አዲስ አበባ የኮበለለ ልጅ ነበር። ዘፈን የአዝማሪ ሥራ፣ አዝማሪነትም ስድብ በነበረበት ዘመን መኮብለሉ አይገርምም። ከሀገር ፍቅር ወደ ክቡር ዘበኛ ኦርኬስትራ ገባ። የታኅሣሥ 1953ቱ መፈንቅለ መንግሥት ሲከሽፍ ከክቡር ዘበኛ ሰዎች ጋር እርሱም ታሰረ። ከእስር ወጥቶ ዘፈነ፤ ንጉሡ ወርደው ዘፈነ፤ ደርግ መጥቶ ሄዶም ዘፈነ። በ1985 ዓ.ም. አንገቱ ላይ ከባድ የስለት ጉዳት ደረሰበት፤ ከዚያም ተርፎ ዘፈነ። የስኳር በሽታ አንድ እግሩን አሳጣው። ሚያዝያ 11 ቀን 2001 ዓ.ም.፣ በትንሣኤ ዕለት፣ በ68 ዓመቱ አዲስ አበባ ላይ ዐረፈ፤ በመንግሥት ሥርዓት፣ በእልፍ አእላፍ ሕዝብ እንባ ተቀበረ።

የአንገቱ ነገር ሲሰማ እኔ ኻርኮቭ የሕክምና ተማሪ ነበርኩ። በ1981 ዓ.ም. የሄድኩባት ሶቪየት ኅብረት በእጄ ላይ ፈርሳ ዩክሬን በምትባል አዲስ አገር ውስጥ ራሴን ያገኘሁበት ጊዜ ነው። አገራችንም ተለውጣ ነበር። በተማሪዎች ማደሪያ ተሰብስበን ሌሊቱን ስናወራ ያደርን ስለ አገራችን ዕጣ አልነበረም፤ ስለ ጥላሁን አንገት ነበር። ማን? በምን? ስለምን? የወሬው ዓይነት እንደ ተናጋሪው ነበር። እኔ ዛሬ አንዱንም አልደግመውም፤ ያልተረጋገጠ ነገር ነውና፤ ቢረጋገጥም የእኛ አልነበረምና። የማስታውሰው ግን አንድ ነገር አለ። ከዚያ ወዲህ ድምፁን በሰማን ቁጥር «ይኸው፣ ሕመሙ ይሰማል» እንባባል ነበር። ከጉዳቱ በፊት በተቀዳ ዘፈን ላይ እንኳ እንዲሁ እንል ነበር! ቁስሉ የእርሱ መሆኑ ቀርቶ የእኛ ጌጥ ሆኖ ነበር።

ሐኪም ከሆንኩ በኋላ ያንን አንገት በሌላ ዓይን አየዋለሁ። በአንገት ውስጥ ወደ አንጎል ደም የሚያደርሱት ታላላቅ ሥሮች፣ የትንፋሽ ቧንቧውና የድምፅ አውታሮችን የሚያዝዙት ቀጫጭን ነርቮች እጅግ ተቀራርበው ያልፋሉ። በሞትና በሕይወት፣ በዝምታና በዜማ መካከል ያለው ርቀት በሚሊሜትር የሚለካ ነው። ያ ሰው ዳግመኛ የዘፈነው ሕመም ስላዘፈነው አይደለም፤ ሰዎች ስለሰፉት ነው። የእነዚያን ሰዎች ስም ከመካከላችን ስንቱ ያውቃል? ስለ ስለቱ መቶ ታሪክ እናውቃለን፤ ስለ መርፌውና ስለ ክሩ ግን አንድም አናውቅም።

* * *

ሕመም የዘፈን ምንጭ ነው የሚለው እምነት አዲስ አይደለም። በሲሲሊ ደሴት ፋላሪስ የተባለ ጨካኝ ገዥ ከነሐስ የተሠራ በሬ ነበረው ይባላል። በበሬው ሆድ ሰው አስገብተው ከበታች እሳት ሲያነዱ፣ የሚቃጠለው ሰው ጩኸት በነሐሱ ቧንቧዎች አልፎ ለሰሚው እንደ ዜማ ይደርስ ነበር ይላሉ። በ1843 እ.ኤ.አ. የዴንማርኩ ፈላስፋ ኪርከጎር የባለ ቅኔን ዕጣ በዚህ በሬ መስሎታል። ምሳሌው ያስፈራል፤ ግን ብዙ ሰው የሚያነበው በተሳሳተ ወገን ቆሞ ይመስለኛል። ሁላችንም ስናነበው በሬው ውስጥ ስላለው ሰው እናስባለን። እኔን የሚያሳስበኝ ውጭ ቆሞ የሚያዳምጠው ነው። ዜማው እንዳይቋረጥበት እሳቱን የሚቆሰቁሰው እርሱ ነውና።

ሐቀኛ ለመሆን፣ ተቃራኒው ማስረጃ ቀላል አይደለም። ሃንክ እስከ ዛሬ ከሚወደዱለት ዘፈኖች አንዳንዶቹን የቀዳው በሴፕቴምበር 1952፣ ሰውነቱ በደከመበት፣ ትዳሩ በፈረሰበት፣ ኦፕሪ ባባረረው ማግሥት ነው። ያልተጎዳ ሰው እነዚያን ቃላት ይጽፋቸው ነበር ብዬ ለመማል አልደፍርም። ሐዘን የዘፈን ጥሬ ዕቃ መሆኑን አልክድም። ሆኖም ጥሬ ዕቃ የትም አለ። በአላባማ በዚያ ዘመን ጀርባው የሚያመው፣ ሚስቱ የተለየችው፣ የሚጠጣ ሰው ስንት ነበር? አብዛኛው አልዘፈነም፤ ታሞ ሞተ እንጂ። ሃንክን የለየው ከልጅነቱ ጀምሮ ከሩፈስ ፔይን እግር ሥር ቁጭ ብሎ የተማረው፣ ከመድረክ መድረክ እየዞረ ያሠለጠነው ሙያ ነው። ጥላሁንንም የለየው ልምምድ፣ ጆሮ፣ ቃልን አጥርቶ የመናገር ጥበብ ነው።

ደግሞም ቁጥር አይዋሽም። ሃንክ ሸክላ ያስቀዳው ከ1946 መጨረሻ እስከ 1952 ድረስ፣ ስድስት ዓመት ላልሞላ ጊዜ ነው። ጥላሁን ግን ግማሽ ምዕተ ዓመት ያህል ዘፍኗል። ሕመም ለሃንክ ጥቂት ዘፈን ሰጠው ብንል እንኳ፣ በሠላሳ፣ በአርባ፣ በሃምሳ ዓመቱ ሊዘፍናቸው የሚችለውን ሁሉ ወሰደበት። ይህን ንግድ ትርፋማ ነው የሚል ሰው ኪሳራውን ያልቆጠረ ነው።

እስካሁን የተናገርኩት ለእኔ የሚመች ነው። ሕመም ዘፈንን ካላበጀ፣ ሐኪሙም ዘፈኑም አይጣሉም፤ ሁሉም ሰላም ይሆናል። ነገር ግን ፈውሱ ዘፈኑን የሚያስቀርበት ጊዜ ቢኖርስ? ይህን በመጽሐፍ አላገኘሁትም። በራሴ እጅ አገኘሁት።

* * *

በሽተኛዬ በዕድሜ ከእኔ አሥራ አምስት ዓመት ያህል የሚበልጡ፣ የሰሜን ሰው፣ ማሲንቆ ተጫዋች ነበሩ። ጋሼ እላቸው ነበር፤ እዚህም ጋሼ እላቸዋለሁ። ቀን ቀን መጋዘን ውስጥ ዕቃ ያነሣሉ፤ ቅዳሜ ማታ ከሚድታውን ብዙም በማይርቅ አንድ የኢትዮጵያውያን ምግብ ቤት ይዘፍናሉ። እኔም ቅዳሜ ማታ ከዚያ አልጠፋም ነበር። ድምፃቸው ሲነሣ ምግብ ቤቱ በሙሉ ጉርሻውን በእጁ እንደያዘ ይቀራል። የሃያ ዓመት ስደቴን ለአንድ ሰዓት የሚያስረሳኝ እርሱ ብቻ ነበር።

ጀርባቸውን ታመው ወደ እኔ የመጡት በ2007 እ.ኤ.አ. ነው። ያ ጊዜ በአሜሪካ ሕክምና ውስጥ ሕመም እንደ ሙቀትና እንደ ደም ግፊት የሚለካ «አምስተኛው የሕይወት ምልክት» ነው የተባለበት፣ የሕመም ማስታገሻ ክኒን እንደ ልብ የሚታዘዝበት ዘመን ነበር። የመጀመሪያውን ማዘዣ ስጽፍ አላጠፋሁም። ሁለተኛውንም መርምሬ ጻፍኩ። ከዚያ አንድ ቅዳሜ ሕመሙ ጸንቶባቸው ሳይዘፍኑ ቀሩ። ቤቱ ቀዘቀዘ። እኔም እንደ ሌላው ሰው ቅር ብሎኝ ወደ ቤቴ ገባሁ። ሰኞ ዕለት መጡ። «ዶክተር፥ ለቅዳሜ የሚያደርሰኝ ነገር ስጠኝ» አሉኝ። መጠኑን ከፍ አደረግሁ። ይጠጣሉ ወይ ብዬ አልጠየቅሁም፤ መልሱን ስለማውቅ አልጠየቅሁም። በሚቀጥለው ቅዳሜ ዘፈኑ፤ እንደዚያ ቀን ዘፍነውም አያውቁም። አጨበጨብኩ።

ዘመኑ ነው፣ የሁሉም ሐኪም ልማድ ነው ብዬ ለብዙ ጊዜ ራሴን አጽናንቻለሁ። እውነቱ ግን ይህ ነው፦ ያንን ማዘዣ የጻፍኩት ለጀርባቸው አልነበረም፤ ለቅዳሜ ማታዬ ነበር።

በክረምት አንድ ሌሊት ከዘፈኑ በኋላ መኪናቸው ውስጥ ገብተው ሞተሩን አስነሥተው ቀሩ። ዕቃ አጣቢው ልጅ ቆሻሻ ሊጥል ሲወጣ መኪናዋ ቆማ ስትጮህ ሰምቶ ቢያይ፣ ከንፈራቸው ጠቁሯል፤ ትንፋሻቸው ከመቆም አንድ ደረጃ ቀርቶታል። አምቡላንስ ደረሰ፤ በናሎክሶን መርፌ ነቁ። ዜናውን በማግሥቱ ስሰማ በዓይነ ኅሊናዬ የመጣው በኦክ ሂል የቆመው ካዲላክ ነበር። ልዩነቱ አንድ ነገር ብቻ ነው፤ እዚህ ወደ ኋላ ወንበር በጊዜ የተመለከተ ልጅ ተገኘ። ሐኪሙ ግን ያው ሐኪም ነበር።

ወደ ሌላ ሐኪም ላክኋቸው፤ ለምን እንደምልካቸውም ሳልሸሽግ ነገርኋቸው። ከክኒኑ መላቀቅ ከዓመት በላይ ፈጀ። መጠጡን ተዉ፤ የመጋዘኑን ሥራ ተዉ፤ ጀርባቸውን በእንቅስቃሴ ሕክምና አጠነከሩ። ማሲንቆውንም ግድግዳ ላይ ሰቅለው ተዉት። ማሲንቆው፣ ሌሊቱ፣ መጠጡና ክኒኑ በአንድ ገመድ የታሰሩ ሆነውባቸው አንዱን ሲፈቱ ሁሉም ወደቀ። «በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም» ይላሉ አበው፤ እርሳቸው በሽታቸውን ገለጡ፣ መድኃኒትም አገኙ። ዘፈኑ ግን አልተመለሰም።

ከዓመታት በኋላ በአንድ ሠርግ ላይ አንድ ወዳጄ፣ «የእኒያ ሰው ነገር ያሳዝናል። ሲታመሙ እንዴት ያለ ዘፈን ይዘፍኑ ነበር!» አለኝ። ራሴን ነቀነቅሁ። ልቡናዬ ከማሰቡ በፊት ራሴ ነቀነቀ። እስከ ዛሬ የሚያሳፍረኝ ይህ ነው። ሕመማቸውን በቅርብ ያየሁ፣ በሕመማቸውም ላይ የጨመርኩ ሐኪማቸው፣ በጤናቸው ለአፍታ አዘንኩ።

* * *

በዚያ ሰሞን ነው የቅዱስ ያሬድን ታሪክ እንደ አዲስ ያሰብኩት። በልጅነታችን የሰማነው ነው። ያሬድ በአክሱም በአፄ ገብረ መስቀል ፊት ቆሞ ይዘምራል። ንጉሡ ከዜማው ጣዕም የተነሣ ተመስጦ፣ የተደገፈበትን ጦር በያሬድ እግር ላይ ተክሎት አላወቀም። ያሬድም በዜማው ተመስጦ መወጋቱን አላወቀም። ደሙ ፈሰሰ፤ ዜማው ቀጠለ።

ይህን ታሪክ ስንሰማ የምናደንቀው ተመስጦውን ነው፤ ሥዕሎቻችንም የሚያሳዩት ያንኑ ነው፤ ንጉሡ፣ ጦሩ፣ የሚደማው እግር። እኔ ግን አሁን የማየው ሌላ ነገር ነው። ጦሩ የማን ነው? የጠላት አይደለም። በዚያ አዳራሽ ውስጥ ያሬድን ከሁሉ አብልጦ የሚወደው አድማጭ ነው የወጋው። የወጋውም በክፋት አይደለም፤ ክብደቱን ሳያስተውል ስለ ተደገፈ ነው። አድማጭ በዘፋኙ ላይ መደገፉ አይቀርም፤ የሚያቆስለው ጦሩ የት እንዳረፈ አለማየቱ ነው።

ታሪኩም በዚያ አያበቃም። ንጉሡ ባየ ጊዜ ደንግጦ ጦሩን ነቀለ፤ ለደምህ ካሣ የምትሻውን ለምነኝ አለው። ያሬድ ወርቅ አልለመነም፤ ሹመት አልለመነም። «አሰናብተኝ» አለ። ወደ ሰሜን ተራሮች ሄጄ በምናኔ ልኑር አለ። ንጉሡ አዘነ፤ ነገር ግን ቃሉን ሰጥቷልና አሰናበተው። ያንን ዜማ ዳግመኛ በአዳራሹ ሊሰማው አልቻለም።

ይህ ነው እንግዲህ የአድማጩ ዕዳ። የዘፋኙ ቁስል በጭብጨባ አይከፈልም፤ በታላቅ ቀብርም አይከፈልም። ለሃንክ ከ20,000 በላይ ሰው ቆሞለታል፤ ለጥላሁን አዲስ አበባ አልቅሳለች። ለሞተ ሰው ማልቀስ ግን ዜማውን አያሳጣንም፤ ሸክላውና ካሴቱ ከእኛ ጋር ናቸው። ዕዳው የሚከፈለው በሕይወት እያለ፣ ጦሩን ነቅሎ «ሂድ» በማለት ነው፤ ዘፈኑ አብሮት ሊሄድ እንደሚችል እያወቁ። ዘፋኙ ድኖ ቢዘፍን ደስታችን ነው። ድኖ ዝም ቢልም ግን ያጣነው ነገር መጀመሪያውኑ የእኛ አልነበረም።

ሐኪም ስለሆንኩ ይህን ማለት ይቀለኛል የሚል ይኖር ይሆናል። አይቀለኝም። ዛሬም ቅዳሜ ማታ በፒችትሪ ጎዳና ሳልፍ፣ የፎክስ ቴያትር መብራት ሲበራ፣ ያ የማሲንቆ ድምፅ ይናፍቀኛል። መናፈቄን አልሸሽግም። መናፈቅ ኃጢአት አይመስለኝም፤ በናፍቆት ማዘዣ መጻፍ ግን ነው።

ይህን ጽሑፍ ለመጻፍ ስነሣ ጋሼን ቤታቸው ሄጄ አስፈቀድኋቸው። ቡና አፍልተው ጠበቁኝ። ማሲንቆው ግድግዳው ላይ ነበር፤ አቧራ አልነበረበትም፤ ግን ክሩ ላልቷል። ስማቸውንና የሚታወቁበትን ነገር ሁሉ እንደምለውጥ ነገርኋቸው። ጥቂት አሰቡና፣ «ጻፍ። ግን እንደ ሌላው ሰው ዘፈኑ እንዴት ነበር እያልክ እንዳታሳምረው» አሉኝ።

«ታዲያ ምን ልጻፍ፣ ጋሼ?» አልኋቸው።

«ስለ ዘፈኔ ብዙ ሰው ጠይቆኛል። ስለ ጀርባዬ ጻፍ» አሉኝ።

ጀርባቸው ዛሬ ደኅና ነው።